ካት ከተባለ በኋላ

ሰው ሞቶ ሲነሳ በዓይኔ ያየሁት በሰባት ዓመቴ ነው። ሰውዬው ደረቱ ላይ ደም ወርዶበት፣ አፉን ከፍቶ፣ ዓይኑን አፍጥጦ መሬት ላይ ተዘርሯል። አንዲት ሴት በላዩ ላይ ተደፍታ «ለማን ጥለኸኝ ትሄዳለህ!» እያለች ደረቷን ትመታለች። እኔም አብሬ ማልቀስ ጀመርኩ። ይኼኔ ጥቁር መነጽር ያደረገ አንድ ወፍራም ሰው ከተቀመጠበት ሳይነሳ «ካት!» ብሎ ጮኸ። ሴትየዋ እንባዋን በመዳፏ ጠረገችና ክብሪት ያለው ሰው ጠየቀች። የሞተው ሰውዬም ትንሽ ተገላበጠና ቁጭ ብሎ፣

«ዳቦዬን ማን ነው የበላብኝ?» አለ።

የበላሁት እኔ ነበርኩ። ለሞተ ሰው ዳቦ ምን ያደርግለታል ብዬ ነው።

እንባዬ ጉንጬ ላይ ደርቆ ሰውዬውን አፍጥጬ ሳየው ቆየሁ። ከዚያ ወደ አባዬ ዞርኩ። ሁሉም ሰው ተበታትኗል፤ መብራቶቹ እየጠፉ ነው፤ አባዬ ግን ዓይኑን ከካሜራው ላይ አልነቀለም። ካሜራው ጥርርር እያለ ይሠራል። ሰውዬው ተነስቶ በሁለት እግሩ ሲቆም ብቻ ነው አባዬ ጠቅ አድርጎ ያጠፋው። በሚቀጥለውም ጊዜ እንደዚያው። በሌላውም ቀን እንደዚያው። ካት ተብሎ፣ ሰው ሁሉ ሻይ ሊጠጣ ሄዶ፣ አባዬ የሞተው እስኪነሳ ይጠብቃል።

ማንም ሳይነግረኝ ነገሩ ገባኝ። ሰዎቹ የሚነሱት አባዬ መቅረጹን ስለማያቆም ነው። ካሜራው ከጠፋ አይነሱም። ይኼን ያህል ቀላል ነገር ለዚያ ለወፍራሙ ዳይሬክተር አለመግባቱ ያበሽቀኝ ነበር።

እዚያ ቀረጻ ቦታ የምውለው እማዬ ልብስ ስፌት ስለምትውል፣ እኔን የሚይዘኝ ሰው ስለጠፋ ነው። ለእኔ ግን ገነት ነበር። ግድግዳው ከኋላው ሲታይ ጣውላ ነው፤ መስኮቱ ወደ የትም አያይም፤ ደሙ ስኳርና ቀይ ቀለም ነው፤ ቀምሼዋለሁ። የሚሞተውን ሰውዬ ሁሉም «ሟቹ» ነው የሚሉት። በየፊልሙ የሚሞተው እሱ ነው፤ በጥይት፣ በመርዝ፣ ከፎቅ ተወርውሮ።

«አንተ ስትሞት እናትህ አታለቅስም?» አልኩት አንድ ቀን።

«በመጀመሪያዎቹ ፊልሞች ታለቅስ ነበር። አሁን፣ ‹በል ቶሎ ሙትና ለእራት ድረስ› ነው የምትለኝ።»

«ሲነሱ ያማል?»

«መነሳት አያምም፤ ወገብ ነው የሚያመው» አለና ጸጉሬን አመሰቃቀለው። «አንቺ ምላሳም፣ ዳቦዬን የምትበዪው አንቺ ነሽ አይደል?»

አባዬ እዚያ ሥራ ከመግባቱ በፊት ዘጋቢ ፊልም ነበር የሚቀርጸው። ጎርፍ፣ ቃጠሎ፣ የድልድይ ምረቃ፣ የፋብሪካ ጭስ። መሥሪያ ቤቱ ጂፕ ልኮ ይወስደዋል፤ ሲመለስ ጫማውን ደጃፍ ላይ ያራግፋል፤ ቀይም፣ ነጭም፣ ጥቁርም አፈር ይወጣዋል። በእጁ የታወቀ ነበር። ካሜራ በትከሻው ተሸክሞ ድንጋይ ለድንጋይ እየዘለለ ሲቀርጽ፣ ፊልሙ ላይ ጠረጴዛ ላይ የተቀመጠ ይመስላል።

አብሮት የሚሄደው ጋሽ ጆሮ ነው። የድምፅ ሰው ነበር። አባዬ ያየውን ሲቀርጽ እሱ የሰማውን ይቀርጻል። እኛ ቤት ሲመጣ ከሁሉ አስቀድሞ ጆሮውን ሆዴ ላይ ይለጥፍና፣ «እሽሽ! የትናንቱ ብስኩት የዛሬውን እየተሳደበ ነው» ይለኛል። ሳቄን እሱ ካልሰማው የሳቅኩ አይመስለኝም ነበር፤ እሱ ሲሰማው «ይቺን ሳቅ አንድ ቀን እቀርጻታለሁ» ይላል። ሳይቀርጻት ቀረ።

አንድ ቀን ጂፑ ጋሽ ጆሮን ሳይዝ ተመለሰ። የድንጋይ ካባ ሊቀርጹ ሄደው ነበር፤ ተራራውን እየፈለጡ ድንጋይ የሚያወጡበት ቦታ። ተራራው ተናደ አሉ። የሰፈሩ ሴቶች ማድቤታችን ውስጥ ተሰብስበው እማዬን ያጽናናሉ፤ እማዬ ደግሞ የጋሽ ጆሮን ሚስት ልታጽናና ቀሚሷን ትቀይራለች። ሁሉም የሚሉት አንድ ነገር ነው፤

«ወዲያው ነው አሉ። ምንም አልተሰማውም።»

ይኼ ደግሞ ጭራሽ የማይመስል ነገር ነበር። ጋሽ ጆሮን? እሱማ በግድግዳ ማዶ ስኳር ስሰርቅ እንኳ ይሰማኛል።

አባዬ ከዚያ ወዲህ ወደ ዘጋቢው መሥሪያ ቤት መሄድ ተወ። አልጋው ጫፍ ላይ ቁጭ ብሎ ይውላል፤ ሌሊት ቁጭ ብሎ ያድራል። ወፍራሙ ዳይሬክተር ቤታችን የመጣው በዚያ ጊዜ ነው። ልብ ወለድ ፊልም ሊሠራ ነው፤ ካሜራማን ይፈልጋል።

«ጎርፉን አይቼዋለሁ ወንድሜ» አለው። «ውኃው ሰው እየወሰደ እንኳ እጅህ ንቅንቅ አላለም። እኔ የምፈልገው እንደሱ ያለ እጅ ነው።»

አባዬ እጁን ብብቱ ውስጥ ሸጎጠው። ዳይሬክተሩ ሲወጣ እማዬ አጠገቡ ተቀመጠች።

«ሂድ» አለችው። «እዚያ ድንጋዩ ካርቶን ነው። የሚሞትም ሰው የለም። ልጅህን ይዘህ ውለህ ይዘሃት ትመጣለህ። ወደዚያኛው ሥራ ግን ሁለተኛ አልልክህም፤ ሬሳህን በጂፕ መቀበል አልፈልግም።»

ሄደ። መጀመሪያ ላይ ደስ ያለው ይመስል ነበር። «በዘጋቢ ፊልም ብርሃንን ትለምኛታለሽ፤ እዚህ ግን ታዢያታለሽ» ይለኝና አምፖሉን ዝቅ ከፍ እያደረገ ፊቴ ላይ ጠዋትን ያመጣል፤ ምሽትን ያመጣል። ታዲያ ሟቹ በሞተ ቁጥር ያ ነገር አለ። ካት ይባላል፤ ካሜራው አይቆምም። መብራት የሚይዙት ልጆች ያን ትርፍ ፊልም «ትንሣኤ» ብለው ስም አወጡለት። «ጋሼ ዛሬ ስንት ክንድ ትንሣኤ ቀረጽክ?» ይሉታል። ዳይሬክተሩ ግን አይስቅም። ጥሬ ፊልም ከባሕር ማዶ እየተለመነ የሚመጣ ነገር ነው፤ ለሻይ እረፍት የሚቀረጽ አይደለም።

«ወንድሜ፣ ካት ስል አይሰማህም?»

«ይሰማኛል።»

«ታዲያ?»

«እስኪነሳ ነው» አለ አባዬ።

ዳይሬክተሩ መነጽሩን አውልቆ አየው። መነጽሩን ሲያወልቅ ያየሁት ያን ቀን ነው፤ ዓይኖቹ ትንንሽ ነበሩ። «ቤትህን እንድትበትን አልፈልግም» አለው። «ግን እንዲህ ከቀጠልክ ወደ ጎርፍህ ነው የምትመለሰው።»

ያን ዕለት ማታ ሾርባ ቀርቦ አባዬ ነገሩን ለእማዬ ሲነግራት ሰማሁ። እማዬ ማንኪያዋን አስቀመጠች። «ምን አለበት ብታጠፋው? ስለ ልጅህ ስትል ካት ሲል አጥፋው።» እኔ ደግሞ አባዬን መርዳት ፈለግኩ። ከቤቱ ሰው ሁሉ ነገሩ የገባኝ እኔ ብቻ ነኝ ብዬ ስለማምን፣ ለእማዬ ላስረዳት ብዬ፣

«ካጠፋውማ አይነሱም» አልኳት። ከዚያ ብዙ ቀን የከነከነኝን ጥያቄ ወደ አባዬ ዞሬ ጠየቅኩት። «አባዬ፣ ታዲያ ጋሽ ጆሮ ሳይነሳ ለምንድነው ካሜራውን ያጠፋኸው?»

አባዬ ሾርባውን ወደ አፉ እየወሰደ ነበር። ማንኪያው እዚያው አየር ላይ ቆመ፤ ከዚያ ሾርባው ሸሚዙ ላይ ፈሰሰ። ተነስቶ ወጣ። እማዬ በጥፊ አለችኝ፤ በሕይወቷ ያን ቀን ብቻ ነው የመታችኝ። እኔ የተመታሁት ምግብ ላይ ስላወራሁ ነው ብዬ፣ ከዚያ በኋላ ለብዙ ጊዜ ገበታ ላይ አፌን ዘግቼ በላሁ።

አሁን አድጌ፣ በዘጋቢው መሥሪያ ቤት ጨለማ ክፍል ውስጥ ፊልም እየቆረጥኩ የምቀጥለው እኔ ነኝ። ሥራውን ያስተማረችኝ ኤዲተር ባለፈው ዓመት ጡረታ ስትወጣ መሳቢያዋን እያጸዳች፣ በፖስታ የተጠቀለለች ቁራጭ ፊልም ሰጠችኝ። ጉዳዩ አንቺንም ይመለከታል አለችና ለማሽኑ አጎረሰችልኝ። አቧራ ነው። ድንጋይ ነው። ከድንጋዩ ሥር የአንድ ሰው ክንድ እስከ ክርኑ ወጥቷል፤ የጋሽ ጆሮን ሰዓት አወቅኩት። የካባው አለቃ እግር በካሜራው ፊት ያልፋል፤ ሰዎች ወደ ኋላ እየሮጡ ነው። ከዚያ፣ ልክ ፊልሙ ነጭ ከመሆኑ በፊት፣ ጣቶቹ ታጠፉ። ቀስ ብለው። የሆነ ነገር ለመያዝ እንደሚሞክር ሰው።

«አለቃው ‹አልቋል፣ ውጡ፣ ሌላው ሊናድ ነው› ብሎ ጎተተው» አለችኝ። «አባትሽ ካሜራውን ሊያጠፋ ሲል ዓይኑን ከካሜራው ላይ አንስቶ ነበር። ወጥተው ትንሽ እንደራቁ የቀረው ተራራ ወርዶ ሁሉን ከደነው። ይቺን ያያት እዚህ መጥቶ ነው። እዚህ ወንበር ላይ። ‹መልሺው› አለኝ፤ መለስኩት። ‹መልሺው› አለኝ። እስኪመሽብን ስመልስ ዋልኩ። እኔና እሱ ብቻ ነን የምናውቅ፤ ቆርጬ አወጣኋት።»

ዓይኑን ከካሜራው ባያነሳ ኖሮ ያይ ነበር። አይቶስ ያወጣው ነበር ወይስ አብሮት ይቀበር ነበር? እሱን ማሽኑም አያሳይም።

ያኔ በልጅነቴ ግን ይኼን ሁሉ አላውቅም፤ የወፍራሙ ዳይሬክተር ፊልም ትልቁ ትዕይንት ደረሰ። ጠላቶቹ ሟቹን ገደል ሥር አጥምደው ድንጋይ ይለቁበታል። አባዬ ለዳይሬክተሩ፣ «ሰውዬው በሌላ ነገር ይሙት። መኪና ይግጨው» ሲለው ሰምቻለሁ። ዳይሬክተሩ «ድርሰቱን አንተ ነህ የጻፍከው?» አለው። ከዚያ ሰው ሁሉ እየሰማ፣

«ዛሬ ካት ካልኩ በኋላ ያ ካሜራ ጥር ቢል፣ አስረክበህ ትሄዳለህ» አለ።

«እሺ» አለ አባዬ።

ሟቹ ካርቶኑ ሥር ከመግባቱ በፊት መብራት ከሚይዙት ልጆች ጋር ሲንሾካሾክ አየሁት። ወደኔ ዞሮ ጠቀሰኝ። ክፉ ሰው አልነበረም፤ ከሰው ጋር መሳቅ የሚወድ ሰው ነበር እንጂ።

ድንጋዮቹ ወረዱ። አቧራው ዱቄት ነበር፤ አስነጠሰኝ። ሟቹ ጮኸ፤ ጠፋ፤ ከክምሩ ሥር አንድ እጁ ብቻ ወጥቶ ቀረ።

«ካት! ግሩም! ካት!»

የአባዬን ጣት ማጥፊያው ላይ አየሁት። እዚያው ላይ ነበር፤ አልተጫነውም። ዳይሬክተሩ ቀስ ብሎ ወደ እሱ ዞረ። መብራት ያዢዎቹ አፋቸውን በእጃቸው ይዘዋል። እጅየው አይንቀሳቀስም። ሟቹ አልተነሳም። ጠበቅን። ካሜራው ጥርርር ይላል። ሟቹ አልተነሳም። ሁልጊዜ ሲቆይ እንኳ እስካሁን ዳቦውን ጠይቆ ነበር።

ከዚያ የካሜራው ድምፅ ተለወጠ። ጠፍ፣ ጠፍ፣ ጠፍ አለ። ፊልሙ አልቆ ጫፉ ባዶ እየተሽከረከረ ነው።

«ፊልም አለቀበት!» ብዬ ጮኽኩ። «ፊልም ጨምሩለት! አይነሳም! ጨምሩለት!»

ይኼኔ ነው ሁሉም ሳቁን የለቀቀው። አባዬ ግን ካሜራውን ጣለ። ሌላ ሰው እንዲነካው እንኳ የማይፈቅደውን ካሜራ እንዲሁ ለቀቀውና ሮጠ፤ አንዱ ልጅ ባይደግፈው መሬት ላይ በተከሰከሰ ነበር። ክምሩ ላይ ወጥቶ መቆፈር ጀመረ። ካርቶን ነው፤ እኔ እንኳ በአንድ እጄ የማነሳው ነው። እሱ ግን አንዱን ድንጋይ በሁለት እጁ አቅፎ፣ በጉልበቱ ደግፎ፣ እያቃሰተ ነበር የሚያነሳው። ሳቁ እዚህም እዚያም እየተቆረጠ ሄደ።

«አለሁ ጋሼ!» ሟቹ ዱቄት እየተፋ ብቅ አለ። «ኧረ አለሁ! ቀልድ ነው! በፈጣሪ፣ ቀልድ ነው ጋሼ!»

አባዬ አልሰማውም። እጁን ይዞታል። ጣቶቹን አንድ በአንድ እየዘረጋ እያጠፈ፣ እየዘረጋ እያጠፈ፣ ያያቸዋል። ሟቹ እጁን ሊያስለቅቅ ሞከረና ተወው። ከዚያ ሰውን ሁሉ ያስቅ የነበረው ሰውዬ እዚያው ካርቶን ውስጥ ተቀምጦ ማልቀስ ጀመረ።

እኔ አጨበጨብኩ። ያጨበጨብኩ እኔ ብቻ ነበርኩ። አባዬ ያለ ፊልም አስነሳው! በባዶ እጁ!

ዳይሬክተሩ ይጮሃል ብዬ ስጠብቅ አልጮኸም። አባዬን ክንዱን ይዞ አነሳው፤ ሸሚዙን አራገፈለት። «ወንድሜ» አለው፣ «ይበቃሃል። ግባና እረፍ።»

ወደ ቤት የሮጥኩት አባዬን ቀድሜ ነው። እማዬ ከሥራ ገብታ የቤቱ የልብስ ስፌት መኪና ላይ እየሰፋች ነበር። «አባዬን እረፍት ሰጡት!» አልኳት እየዘለልኩ። እግሯ ከመርገጫው ላይ ቆመ። «እረፍት?» አለች። የምትሰፋውን ጨርቅ ከመርፌው ሳታወጣ ፊቷን ቀበረችበት።

በሚቀጥለው ሳምንት አባዬ ወደ ዘጋቢው መሥሪያ ቤት ተመለሰ። ካባው ተጠርጎ ሥራ ጀምሯል፤ የተጀመረውን ፊልም ጨርስ አሉት። በማግስቱ ጂፑ ሊመጣ ነው። ያን ዕለት እማዬና አባዬ መኝታ ቤት በራቸውን ዘግተው ተጣሉ። በሩ ግን ስንጥቅ አለው፤ እኔም ጆሮ አለኝ።

«ሳልነግራት እዚያ ቦታ መቆም አልችልም» ይላል አባዬ።

«ለምን ብለህ? ሴትየዋን ተዋት። ምን አደረገችህ?»

«ማወቅ አለባት።»

«እሷ ናት ማወቅ ያለባት ወይስ አንተ ነህ መገላገል ያለብህ?»

ይኼን ሰምቼ አባዬ ሌላ ሴት ይዟል ብዬ ደመደምኩ። እንዲያውም ማን እንደሆነች ልሰልል ብዬ ነው በማግስቱ ጠዋት ሲወጣ እጁን ይዤ አልለቅም ያልኩት። ይዞኝ ሄደ። የደረስነው ጋሽ ጆሮ ቤት ነበር። አፈርኩ፤ ትንሽም ቅር አለኝ።

የጋሽ ጆሮ ሚስት ምስር እየለቀመች ነበር። ሬዲዮው ከፍ ብሎ ተከፍቷል፤ ቤቱ ውስጥ ሌላ ሰው ያለ እንዲመስል ይመስለኛል። ወፈር ያለች፣ ሳቂታ ሴት ነበረች፤ በሐዘኗ ላይም ፊቷ ክብ ነበር። «ነይ አንቺ ጉድ» ብላ ሳመችኝና ብስኩት ሰጥታ ደጃፉ ላይ አስቀመጠችኝ። አባዬ አልቀመጥም አለ። እንደቆመ ማውራት ጀመረ። በሬዲዮው ምክንያት የሰማሁት ቁርጥራጭ ነው። ጨለማ ክፍል። ፊልሙ ሊያልቅ ሲል። ጣቶቹ።

ተነስታ ሬዲዮውን ዘጋችው።

«የትኛው እጁ?» አለች።

«ግራው።»

ምስሩን በጣቷ ወደ አንድ ጎን ሰበሰበችው፤ መልሳ በተነችው።

«እስከ ዛሬ» አለች፣ «ባሌ ወዲያው ነበር የሞተው።»

አባዬ ግንባሩን ግድግዳው ላይ አስደግፎ አለቀሰ። ሰው እንደዚያ ሲያለቅስ ሰምቼ አላውቅም፤ ከቀረጻ ቦታው ለቅሶ ጋር ምንም አይገናኝም፤ አስቀያሚ ነው፣ ንፍጥ አለው። እሷ አላለቀሰችም። ውኃ ቀድታ ሰጠችው። «ጠጣ» አለችው። «ጨርሰህ ጠጣው።» ጨርሶ ጠጣ። ደጃፉ ድረስ ሸኘችን፤ በሩን ስትዘጋው ድምፅ እንኳ አላሰማም።

እኔ ታረቁ ብዬ ደስ አለኝ። አባዬ በመንገዱ ላይ ቀለል ብሎት ይራመድ ነበር፤ ልደርስበት መሮጥ ነበረብኝ። ቤት ገብቶ ጫማውን ሳያወልቅ አልጋው ላይ ወደቀ። አንኮራፋ! ከስንት ጊዜ በኋላ አባዬ ሲያንኮራፋ ስሰማ ለእማዬ ልነግራት ሄድኩ፤ ለካ እሷም በሩ ላይ ቆማ እየሰማችው ነው። የጋሽ ጆሮ ሚስት ከዚያ ወዲህ ቤቷን ለማናችንም አልከፈተችም። ጎረቤቶቿ ሌሊት ሬዲዮዋ አላስተኛ አለን እያሉ ያማርሩ እንደነበር የሰማሁት ካደግኩ በኋላ ነው፤ ያን ጠዋት የማውቀው አባዬ መተኛቱን ብቻ ነበር።

ከሰዓት ላይ እማዬ ቀሰቀሰችው። ሻንጣውን አዘጋጅታለታለች። ፊቱን ታጥቦ ሲመጣ ቆማ አየችው፤ ፊቱ የተኛ ሰው ፊት ነበር።

«ነገርካት?»

«ነገርኳት።»

«አንተ ተኛህ» አለችው እማዬ። «እሷስ? ዛሬ በምን ትተኛ?»

ከደጅ የጂፑ ጥሩንባ ጮኸ። አባዬ ጎንበስ ብሎ ካሜራውን አነሳና ወጣ።